በእጁ ይዞ ይምጣ

ባለፈው ዓመት የልጅ ልጄ ስትመረቅ ልጄ ቤት ድግስ ነበር። ከተጋባዦቹ አንዱ፣ የትም ቢጠራ ከፊት ወንበር የማይጠፋ ዓይነት ሰው፣ ብርጭቆውን ይዞ ተነሣና ጥጉ ላይ ወደ ተቀመጠው ሽማግሌ እያሳየ መናገር ጀመረ።

"እኝህን አባት እዩልኝ! እኔ ያኔ የሰፈሩ ልጅ ነበርኩ። በየወሩ፣ ክረምት ከበጋ፣ የልጃቸውን ወተትና ስኳር በገዛ እጃቸው ታቅፈው በሰፈሩ መሀል ሲያልፉ በዓይኔ አይቻለሁ። አባት ማለት እንዲህ ነው!"

ሰው አጨበጨበ። ሽማግሌው አንገቱን ደፋ። ትሕትና መሰላቸው።

እኔ የያዝኩት ለስላሳ ትን አለኝ። የልጄ አማት ጀርባዬን እየመታች፣ "ምነው እትዬ? ምን ነካዎት?" አለችኝ።

"ምንም፤ ጋዙ ነው" አልኳት።

ጋዙ አልነበረም። ሽማግሌው የተጨበጨበለት ነገር ቅጣቱ ነበር። ቅጣቱን የጠየቅኩትም እኔ ነኝ። ዕድሜ የማያጥበው ነገር የለም፤ እንዲህ አድርጎ ያጥባል ብዬ ግን አላሰብኩም ነበር። ስለዚህ እንደነበረ ልጻፈው አልኩ። የማንንም ስም አልጠራም። የሞቱት መልስ አይሰጡም፤ በሕይወት ያሉት ደግሞ መልስ መስጠት ሲወዱ ለጉድ ነው።

ዘመኑ የደርግ ነው። እኔ በልደታና በጌጃ ሰፈር መካከል ባለ የቀበሌ ኅብረት ሱቅ ውስጥ ሻጭ ነበርኩ። ስኳር፣ ጨው፣ ሳሙና፣ አንዳንዴም ዘይት ሲመጣ እሸጣለሁ፤ ሳይመጣ "አልመጣም" እላለሁ። አብዛኛው ሥራዬ "አልመጣም" ማለት ነበር። ያም ሆኖ ሰው ሁሉ ጥሩ ፊት ያሳየኝ ነበር። ስኳር የያዘ እጅ ማን ይጠላል?

ያ ሽማግሌ ያኔ የውይይት ክበባችን መሪ ነበር። ቀን መሥሪያ ቤቱ ይውላል፤ እሁድ ጠዋት፣ ልክ በቅዳሴ ሰዓት፣ አዳራሽ ሰብስቦ ያስተምረናል። ንብረት ምን እንደሆነ፣ ሃይማኖት ምን እንደሆነ፣ የሴቶች ጭቆና ከየት እንደመጣ። ስለ ሴቶች ጭቆና ሲናገር እንባ እንባ ይለኝ ነበር። ሱቅ ሲመጣ ግን ሰልፍ አይዝም።

እንዴት እንደተዋወቅን አልጽፍም። ያ የእኔ ነው። ይህን ያህል ልበል፦ ጫማው ሁልጊዜ የተወለወለ ነበር፣ ድምፁ ያምር ነበር፣ እኔም ልጅ ነበርኩ።

አንድ ነገር ብቻ፣ ለታሪኩ ስለሚያስፈልግ እናገራለሁ። በደጉ ጊዜ፣ ሰው ያለውን ሁሉ በሚያወራበት ጊዜ፣ ስለ እናቴ አጫውቼው ነበር። እናቴ መሐላ አትወድም። እውነትም ቢሆን አትማይ ትለኛለች። ልጅ ሆኜ ሳላስበው "ልደታን!" ካልኩ በእጇ ጀርባ አፌን ታቀምሰኛለች። በተለይ በልጅ መማል ለእሷ ልጅን አንሥቶ ገደል አፋፍ ላይ እንደ ማስቀመጥ ነው። እኔም እንደዚያው ሆኜ አደግኩ፤ ዛሬም ለታክሲ ረዳት እንኳ "ሙች" አልልም። ይህን ሁሉ ነገርኩት። ስቆ፣ "ቆንጆ ኋላቀርነት" አለኝ። አብሬው ሳቅኩ።

ሆዴ መግፋት ሲጀምር ሱቁ ውስጥ የሚሸሽገኝ ነገር አልነበረም። ባንኮኒው ዝቅ ያለ ነው፤ ከባንኮኒው ወዲያ ያለው ደግሞ መላው ቀበሌ ነው። ሰልፍ ላይ የቆሙት ሴቶች ወራቱን በጣታቸው ይቆጥሩ ነበር። አንዷ፣ ከእኛ በር ሦስተኛው ቤት የምትኖር፣ ምላሷ ከእሷ ቀድሞ ሱቅ የሚደርስ ሴት፣ አንድ ቀን ጮክ ብላ፣ "እኔ የምለው አንቺ ልጅ፣ ለእኛ ሁሉም ነገር 'አልመጣም' ይባላል፤ ለአንቺ ብቻ ከየት መጣልሽ?" አለችኝ።

ሰልፉ በሳቅ ፈረሰ። እኔም ሳልናደድ መስፈሬን ቀጠልኩ። ያን ቀን ስኳሩ እሷ ጋ ሲደርስ አለቀ። አጋጣሚ ነው።

ለእሱ ስነግረው መጀመሪያ ያለኝ፣ "ሥርዓት ባለው መንገድ እናየዋለን" ነው። እንደ ስብሰባ አጀንዳ። ለካስ ለትምህርት ወደ አንድ ሶሻሊስት አገር ሊላክ ስሙ ተላልፎ ኖሯል፤ ለዚያ ደግሞ እንከን የሌለው የግል ሕይወት ይጠየቃል። ሁለተኛ ጊዜ ስነግረው፣ "እርግጠኛ ነሽ የእኔ ነው?" አለኝ። ሦስተኛ ጊዜ አልነበረም። ከዚያ ወዲያ በሱቁ በኩል ማለፍ ትቶ በሰንጋ ተራ ዞሮ ይሄድ ጀመር። የራሽን ካርዱን ለእናቱ እየሰጠ ይልክ ነበር።

እናቱ ከልደታ ደጅ የማይጠፉ፣ ነጠላቸው ከወተት የነጣ ሴት ነበሩ። ስኳራቸውን ሊወስዱ ሲመጡ ሆዴን አየት ያደርጉና፣ "በሰላም ይገላግልሽ" ብለው ይሄዳሉ። የማን እንደሆነ አንድም ቀን ጠይቀውኝ አያውቁም። የማያውቅ ሰው ይጠይቃል።

ሴት ወለድኩ። በሰማንያ ቀኗ ክርስትና ተነሣች። ክርስትና ስሟ ያምራል፤ የአባቷ ስም ያለበት ቦታ ግን ባዶ ነበር። አባቴን ለመንኳቸው። "ስሜ የሚዋሱት ዕቃ አይደለም፤ የወለደው ይስጣት" አሉኝና ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ። ክሊኒክ ስወስዳት ነርሷ እስክሪብቶዋን አንሥታ፣ "እገሊት ማን?" ትለኛለች። "እገሊት ራሷ" እላታለሁ። ነርሷ አትስቅም ነበር።

በዚያ ላይ ጡቴ ደረቀ። የቆርቆሮ ወተት ደግሞ እንደ ልብ የሚገኝ ነገር አልነበረም፤ ወተት የሚያገኘው ሰው ያለው ሰው ነው። እሱ ሰው ነበረው። እንግዲህ የምፈልገው ሁለት ነገር ነበር፤ ስምና ወተት። ባል አልፈለግኩም። ያን ጊዜም አልፈለግኩም፣ ከዚያ ወዲህም አልፈለግኩም፤ ይህን የምጽፈው እስከ ዛሬ ድረስ "አንጀቷ አርሮ ቀረች" የሚሉ ስላሉ ነው።

መጀመሪያ የሄድኩት የቀበሌያችን የሴቶች ማኅበር ሊቀመንበር ዘንድ ነው። የሴቶች ቀን ሲደርስ ቀይ ጨርቅ አስራ ስለ እናቶች ስትጮህ ድምፅ ማጉያ አያስፈልጋትም ነበር።

"ጓዲት፣ ይህ የግል ጉዳይ ነው" አለችኝ።

"ልጅቷ እኮ የሰው ልጅ ናት" አልኳት።

"ጓድ ለትግሉ የሚያስፈልግ ሰው ነው። አሁን በዚህ ሰዓት ስሙን ብታነሺ ማንን ነው የምትጠቅሚው?"

"ልጄን።"

ስለ እናቶች መብት የሚያወራ አንድ በራሪ ወረቀት ሰጥታ ሸኘችኝ። ወረቀቱ ጥሩ ነበር፤ በርበሬ ቋጠርኩበት።

ከዚያ ወደ ፍርድ ሸንጎ ሄድኩ። የሸንጎው ሊቀመንበር ጌጃ ሰፈር ሱቅ ያላቸው ልብስ ሰፊ ነበሩ። ረጋ ያሉ፣ መለኪያ ሜትራቸውን ከአንገታቸው ማውረድ የሚረሱ ሰው። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ነው የቀረብነው። አዳራሹ ጢም ብሏል። እንዲህ ያለ ጉዳይ ሲሰማ "ምልዓተ ጉባኤ አልተሟላም" የሚባል ነገር የለም።

"ጓድ፣ ልጅቷ ያንተ ናት ወይስ አይደለችም?" አሉት ሊቀመንበሩ።

"ይህ በአብዮቱ ላይ የተሰነዘረ የስም ማጥፋት ዘመቻ ነው" አለ፤ ቆሞ፣ አንድ እጁን ከኋላው አድርጎ፣ ልክ እሁድ እንደሚያስተምረን።

"አብዮቱን አልጠየቅኩም። አንተን ነው።"

"ምስክር አላት?"

ከኋላ ያቺ የሰልፍ ጎረቤቴ፣ "ኧረ ለዚህ ሥራ ምስክር ይጠራል እንዴ!" አለች። አዳራሹ ተናጋ። ሊቀመንበሩ ጠረጴዛውን በመቀሳቸው እጀታ እየመቱ ዝም አሰኙ። ሳቋን ከጨረሰች በኋላ ከእኔ ጋር ናት ወይስ በእኔ ላይ ናት ብዬ አሰብኩ። ዛሬም አልወሰንኩም።

እሱ ሳቁ እስኪያልፍ ጠበቀ። ከዚያ ድምፁን ለስለስ አድርጎ፣ "መልካም" አለ። "'የእሱ ናት' ካለች ትማል። ልደታ ትሂድና የቤተ ክርስቲያኑን በር ይዛ፣ በዚህችው በልጅቷ ትማል። 'ውሸቴን ከሆነ ይህችን ልጅ አያሳድግልኝ' ትበል። ያኔ አባቷ እኔ ነኝ ብዬ እፈርማለሁ።"

ከወደ ጥግ አንድ ሳቅ ተነሣ፤ ከዚያ ሌላ። አንዱ ወጣት እጁን አውጥቶ፣ "ጓድ፣ የማብራሪያ ጥያቄ አለኝ። ባለፈው እሁድ የቤተ ክርስቲያን በር እንጨት ነው ብለኸን አልነበር?" አለው።

"ለእኔ እንጨት ነው። ለእሷ ግን አይደለም። የእሷን ንቃተ ኅሊና መሠረት አድርጌ ነው" አለ።

ሰው ሁሉ ሲስቅ እኔ አልሳቅኩም። ዓይኑን አየሁት። ስለ እናቴ የነገርኩት ነገር ሁሉ እዚያ ውስጥ ቁጭ ብሏል። እውነት ይዤም ቢሆን በልጄ እንደማልምል ያውቃል። አምኜው የነገርኩትን መሣሪያ አድርጎ መለሰብኝ። ብዙ ነገር አድርጎኛል፤ ሌላውን ሁሉ ረስቻለሁ ብል ውሸቴን አይደለም። ይህን ግን አልረሳሁም፤ የመርሳት ሐሳብም የለኝም።

"እሺ ልጄ፣ ትምያለሽ?" አሉኝ ሊቀመንበሩ።

"አልምልም።"

አዳራሹ አጉረመረመ። እሱ ፈገግ ብሎ ቁጭ አለ። "ሰማችሁ" አለ፤ ለማንም ሳይሆን።

"እኔ አልምልም" አልኩ እንደገና። ልጅቷን ከአንዱ ክንዴ ወደ ሌላው አዛወርኳት። "መሐላውን ግን መልሼለታለሁ። በር እንጨት ከሆነ እሱ ምን ይሆናል? ይያዘው። 'የእኔ ልጅ አይደለችም' ብሎ ይማል። ከማለ ልጄን አዝዬ ከዚህ ሰፈር እወጣለሁ፤ ስሙ ከአፌ አይወጣም።"

ከፊት ረድፍ አንድ ሽማግሌ ከዘራቸውን መሬት መቱ። "ልክ ናት! የጠየቀውን መሐላ ከመለሱበት ይምላል፤ አለዚያም ያምናል። ድሮም እንዲህ ነው!"

"ድሮ ተወግዷል ጓድ" አላቸው የሸንጎው ጸሐፊ።

"ታዲያ ማን አመጣው? እሱ አይደል እንዴ ያመጣው?"

ሊቀመንበሩ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "ሸንጎው መሐላ የሚባል ነገር አያውቅም" አሉ። "ሸንጎው ልደታ የሚባል ደጅም አያውቅም። ይህ ይመዝገብ።" ጸሐፊው ጻፈ። "ይሁን እንጂ ማክሰኞ ወር በገባ በአንድ ነው። ማክሰኞ ጠዋት ማን የት እንደሚሆን የየራሱ ጉዳይ ነው። ቅዳሜ ውጤቱን እንሰማለን።"

"እምላለሁ" አለ እሱ፣ ኮፍያውን እያስተካከለ። "እንጨት አልፈራም።"

ቤት ስገባ እናቴ ሰምታ ጠበቀችኝ። በዚያ ሰፈር ወሬ በእግሩ አይሄድም። "አንቺ አልማልሽም፤ እሰይ" አለችኝ። "ግን እሱን በሐሰት ማስማልስ? ደግሞስ ቢምልስ? ከማለ እኮ ልጅቷ አበቃላት። በአፍሽ ነው የሸጥሻት።" ልጅቷን የማስገባበት ሌላ ሰፈር አልነበረኝም። ሌላ ሥራም አልነበረኝም። ቢምል ያለ ስም፣ ያለ ወተት፣ ያለ ሰፈር ልንቀር ነው። እንደ ጀግና ተናግሬ እንደ ሞኝ ቁጭ አልኩ።

ማክሰኞ ጠዋት የልደታ ደጅ ከወትሮው ይበልጥ ሰው ነበረው። ግን ማንም ለዚህ ጉዳይ አልመጣም። አንዷ ውኃ ልትቀዳ ነው፤ ቧንቧው በሌላ በኩል ነው። አንዱ ሥራ እየሄደ ነው፤ ሥራው በሌላ በኩል ነው። የሴቶች ማኅበር ሊቀመንበሯ ከመንገዱ ማዶ ጫማዋን እያስጠረገች ነበር። የተሸፈነ የጨርቅ ጫማ ነው ያደረገችው፤ ሊስትሮው ምን እንደሚያደርግላት አላወቀም። የሸንጎው ሊቀመንበር ሜትራቸውን ከአንገታቸው ሳያወርዱ አጥሩን ተደግፈው ቆመዋል። የሰውየው እናት እንደ ሁልጊዜው በሩ አጠገብ፣ ከዛፉ ሥር ቆመዋል። ዓይናቸውን ከመሬት አላነሡም።

እሱ መጣ። ካኪ ልብሱን ለብሷል፤ ጫማው እንደተለመደው ያብረቀርቃል። ንግግር ሊያደርግ ወደ መድረክ እንደሚወጣ ሰው ደረቱን ነፍቶ፣ ግራ ቀኝ ሳያይ መጣ። ይምላል፤ ያለ ጥርጥር ይምላል አልኩ።

ከዚያ የሆነውን ዛሬም ሳስበው ያስቀኛል። በሩ ጋ ሲደርስ ኮፍያውን አወለቀ። ቀኝ እጁ ግንባሩ ላይ ወጣ። ወደ ደረቱ ወረደ። ወደ ግራ ትከሻው፣ ከዚያም ወደ ቀኝ። ጎንበስ አለና የበሩን መቃን ሳመ።

ሊያስመስል አይደለም። አላሰበውምም። ከእናቱ ጀርባ ላይ ሆኖ የተማረውን፣ በዚያ በር ባለፈ ቁጥር ሲያደርገው ያደገውን ነው ያደረገው። አፉ ስንት ጉባኤ አይቷል፤ ለእጁ ግን ስለ ውይይት ክበቡ ማንም አልነገረውም።

ከዚያ ያቺ ጎረቤቴ፣ ባዶ ጀሪካኗን እንዳንጠለጠለች፣ "ተሳለመ!" አለች። "ኧረ ሰዎች፣ ጓድ ተሳለመ!"

ሳቁ ከመንገዱ ማዶ ድረስ ተቀጣጠለ። ሊስትሮው ብሩሹን ጣለ። እሱ ኮፍያውን በአንድ እጁ ይዞ፣ ሌላውን እጁን እንደ ሌላ ሰው እጅ ያየው ነበር። ፊቱ ቀላ፤ ቀጥሎ ገረጣ። ያም ሆኖ እልኸኛ ነው። ወደ ውስጥ አንድ እርምጃ ተራመደ፤ በሩን ሊይዝ እጁን ዘረጋ።

እናቱ ከዛፉ ሥር መጥተው በእሱና በበሩ መካከል ቆሙ።

"ልጄ" አሉት፤ ድምፃቸው ዝቅ ያለ ነው፤ ሁላችንም ግን ሰማን። "በከንፈርህ የሳምከውን በእጅህ ይዘህ ልትዋሽበት ነው?"

"እማዬ፣ ተይኝ። ሰው ያያል።"

"ይየኝ። በሐሰት የተያዘ በር ያንተን ቤት ብቻ አያንኳኳም፤ የእህቶችህንም የእኔንም ነው። እኔ ቆሜ አትነካውም። ንገረኝ፤ ያንተ ናት ወይስ አይደለችም?"

የቅዳሴው ድምፅ ከውስጥ ይሰማ ነበር። "የእኔ ናት" አለ በመጨረሻ።

ለእኔ አይደለም ያለው፤ ለእናቱ ነው። ወደ እኔ ዞር እንኳ አላለም። እኔ ግን ሰማሁ፤ ሊቀመንበሩም ሰሙ፤ ሊስትሮውም ሰማ። እናቱ መጥተው ልጅቷን ከክንዴ ወሰዱ። ግንባሯ ላይ እንትፍ እንትፍ አሉባት። "የእኔ እናት፣ ቁርጥ እሱን" አሉ። ሴቶቹ ሁሉ አለቀሱ። እኔ አላለቀስኩም። እኝህ ሴት ገና ከሆዴ ጀምሮ ያውቁ ነበር፤ ስኳራቸውን እየተቀበሉ ዝም ብለውኛል። በዚያ ጠዋት የተናገሩት ለእኔ አዝነው ሳይሆን ለቤታቸው ፈርተው ነው። ከፍርሃት የመጣ እውነትም እውነት ስለሆነ ተቀበልኩ። አመሰግናለሁ ግን አላልኩም።

ቅዳሜ ሸንጎው ተሰየመ። ሊቀመንበሩ ማክሰኞ ጠዋት የት እንደነበሩ ማንም አልጠየቃቸውም። ስሟ ከነአባቷ ይጻፍ ተባለ፤ ተጻፈ። መተዳደሪያውን በተመለከተ እሱ ቶሎ ብሎ እጁን አወጣ። ያን ቀን እንደ እሱ ተባባሪ የሆነ ሰው አልነበረም።

"ከደመወዜ ላይ መሥሪያ ቤቴ ይቁረጥ። ሒሳብ ክፍል ትሂድና በየወሩ ትቀበል። እንዲያ ይሻላል፤ ግልጽ አሠራር ነው።"

እንዲያ የሚሻለው ለእሱ ነው። ማንም ሳያይ፣ ማንም ሳይሰማ፣ እኔ በጓሮ በር እየሄድኩ እጄን ዘርግቼ እንድመለስ።

"ምን ትያለሽ?" አሉኝ ሊቀመንበሩ።

"አይሆንም" አልኩ። "ልክድ ያለው በሰው ፊት ነው፤ የሚያሳድገውም በሰው ፊት ነው። በእጁ ይዞ ይምጣ። ወተቷን፣ ስኳሯን፣ ሳሙናዋን። በየወሩ በልደታ ዕለት፣ በቀን፣ በዋናው መንገድ፣ በኅብረት ሱቁ ፊት ለፊት አልፎ።"

"በዘንቢል ሳይሸፍን!" አለ አንድ ድምፅ ከኋላ።

"ሳይሸፍን" አልኩ።

ሊቀመንበሩ ወደ ጸሐፊው ዞሩ። "ይጻፍ" አሉ፤ ፈገግታቸውን በሜትራቸው ጫፍ ሸፍነው።

የመጀመሪያውን ቀን እንደ ትናንት አስታውሰዋለሁ። ሳሙና መጥቶ ሰልፉ እስከ ማዕዘኑ ዞሯል። እኔ ከባንኮኒው ጀርባ ነኝ። ያ የሚያብረቀርቅ ጫማ ከሩቅ ታየ። ሁለት ቆርቆሮ ወተት ደረቱ ላይ ታቅፏል፤ ስኳሩ በብብቱ ሥር ነው፤ ሳሙናውን የሚይዝበት ስላጣ አገጩን ጭኖበታል። ሰልፉ በሙሉ እንደታዘዘ ጦር ወደ እሱ ዞረ። ጎረቤቴ ይህን ጊዜ ስትጠብቅ ነው የኖረችው።

"መጣ!" አለች፤ እጇን ወደ ሰማይ ዘርግታ። "ሁልጊዜ 'አልመጣም' ነበር፤ ዛሬስ መጣ!"

እቤት ደርሶ ደጃፉ ላይ ቆመ። "ተቀበይ" አላት እናቴን። "አስቀምጠው" አለችው። ለዓመታት ከእኛ ቤት ጋር የነበረው ንግግር ይኸው ነው።

ለትምህርት የመሄዱ ነገር ተሰረዘ። ልጁን ስለካደ እንዳይመስላችሁ። ስለዚያ የጠየቀው የለም። በር ተሳልሟል ተብሎ ተከሰሰና አዳራሹ መሀል ቆሞ ግለ ሂስ እንዲያደርግ ተደረገ። ልጅ መካድ ያላስጠየቀውን ሰው በር መሳለም አስጠየቀው። ማን ጠቆመ? ብዙዎች እኔን ያማሉ። እኔ አይደለሁም፤ ብሆን ኖሮ እዚህ ላይ በደስታ እጽፈው ነበር። በእሱ ፈንታ የተላከው የሴቶች ማኅበር ሊቀመንበሯ ወንድም ነው። ከዚህ በላይ አልልም። ያን ቀን ማዶ ቆማ የጨርቅ ጫማ ያስጠረገችው ለምን እንደሆነ እሷ ታውቃለች።

እሱ ግን አላቋረጠም። መጀመሪያ ሸንጎውን ፈርቶ ነው፤ ቀጥሎ እናቱን። ከዚያ በኋላ ማንን እንደፈራ አላውቅም፤ ሸንጎውም ፈርሶ፣ እናቱም ሞተው መምጣቱን ቀጥሏልና። ወተቱ ደብተር ሆነ፤ ደብተሩ ጫማ ሆነ። ሰልፈኞቹን መሳቁ ሰለቻቸው። አንድ ወር ልጅቷ መንገድ ድረስ ሮጣ፣ "አባባ!" ብላ አንዱን ዕቃ ተቀበለችው። በመስኮት አየሁ። ፊቱ ምን እንደሆነ አይቻለሁ፤ አልጽፈውም።

ያ ሰፈር ዛሬ የለም። ሱቁ የነበረበት ላይ ኮንዶሚኒየም ቆሟል፤ የእናቴ ደጃፍ የመኪና ማቆሚያ ነው። እንዲህ ከሆነ ወዲያ ነው እንግዲህ ያ ባለብርጭቆ ሰውዬ ተነሥቶ "አባት ማለት እንዲህ ነው" የሚለው። የሚያውቁት ሞተዋል፤ ሕፃን የነበሩት ደግሞ ያዩት ወተቱን እንጂ ፍርዱን አይደለም።

እንግዶቹ ሲሄዱ ልጄ ማድ ቤት ተከትላኝ ገባች።

"እማዬ፣ ለአባባ ሲያጨበጭቡ ምን ሆነሽ ነው?"

"ጋዙ ነው አልኩ እኮ።"

"አውቃለሁ" አለችኝ። "የሸንጎውንም፣ የበሩንም። አባባ ራሱ ነው የነገረኝ፤ ሃይስኩል እያለሁ። 'እናትሽ አስፈርዳብኝ ነው' አለኝ።"

ሳህኑን በእጄ እንደያዝኩ ቀረሁ። ይህን ሁሉ ዓመት እሷ አንገቷን እንዳትደፋ ብዬ አፌን ይዣለሁ። እሱ ቀድሞኝ ኖሯል! ቂሜን እንኳ ለብቻዬ አልተወልኝም።

"ታዲያ ሲያጨበጭቡለት ለምን ዝም አልሽ?" አልኳት።

"አንቺስ ለምን ዝም አልሽ?"

"እኔማ ትን ብሎኝ ነው።"

ሳቀች። የእሱ ሳቅ ነው ያላት፤ ምን ይደረግ። ከዚያ የድግሱን ትርፍ በከረጢት ሞልታ ይዛለት ልትወጣ ስትል፣ ሽማግሌው ከበሩ ላይ ተመለሰና ከእጇ ተቀበላት። "ተይው ልጄ፣ በእጄ እይዘዋለሁ" አላት። ከረጢቱን ደረቱ ላይ ታቀፈው፤ ልክ እንደዚያ ጊዜው፤ አገጩን ሳይቀር ጫነበት። የልጄን ኮንዶሚኒየም ግቢ በመብራት መሀል እያቋረጠ ሲሄድ ከመስኮቱ አየሁት።

ያ እጅ መሳለምን ከእናቱ ተማረ፤ መሸከምን ግን ከእኔ ነው። ማጨብጨብ ካስፈለገ፣ ጭብጨባው የእኔ ነው።